ለትርንጎ ያቀበልኋት ኳስ

ዘንድሮ በሠላሳ አራት ዓመቴ የዩኒቨርሲቲ አንደኛ ዓመት ተማሪ ሆኛለሁ። በክፍላችን ከኔ ቀጥላ በዕድሜ ትልቋ ልጅ ሃያ አንድ ዓመቷ ነው። ልጆቹ «እትዬ ስንዱ» ይሉኛል። እስክሪብቶ ሲጠፋባቸው ከኔ ይዋሳሉ፤ ፈተና ሲደርስ ደግሞ እኔ ከነሱ ማስታወሻ እዋሳለሁ። ፊት ወንበር ላይ ተቀምጬ የሚባለውን ሁሉ እጽፋለሁ። ድርሰት አጻጻፍ የሚያስተምሩን መምህርት በዕድሜ ከኔ ያንሳሉ፤ ቢሆንም መምህር ናቸውና አንቱ እላቸዋለሁ።

እያንዳንዳችን ስለምናውቀው ሥራ ጽፈን እንድናመጣ ያዘዙን እሳቸው ናቸው። ልጆቹ ገና ሥራ ይዘው ስለማያውቁ አንዱ ስለ አባቱ ባጃጅ፣ ሌላዋ ስለ አክስቷ ልብስ ስፌት ጻፉ። እኔ ግን አሥራ አምስት ዓመት የሠራሁት ሥራ ነበረኝ፤ መረብ ኳስ ተጫዋች ነበርሁ። ስምንት ገጽ ጽፌ፣ ስርዝ ድልዝ እንዳይኖርበት ሁለት ጊዜ ገልብጬ አስረከብሁ። ወረቀቱ ሲመለስልኝ አምስተኛው ገጽ ጠርዝ ላይ አንድ ጥያቄ ብቻ ተጽፎበት አገኘሁ። «ትርንጎ የት ደረሰች?» ይላል።

አብራኝ የተጫወተችውን ትርንጎን በሦስት መስመር ነበር ያለፍኋት። ይህ እንግዲህ ሁለተኛው ጽሑፌ ነው። ለጥያቄው መልስ ለመስጠት ስል ከመጀመሪያው ጀምሬ እንደገና ጻፍሁት።

ያደግሁት ፀዳ ነው። ዛሬ ሁሉም ቦታ ቤት ሆኗል እንጂ ያኔ ከደጃችን ወጥተን እስከ አዘዞ ድረስ ኳስ እያንከባለልን እንሄድ ነበር። ቁመቴ መካከለኛ ስለሆነ በትምህርት ቤት ቡድን ውስጥ ማንም ለመምታት አላጨኝም። የስፖርት መምህራችን «አንቺ አቀባይ ሁኚ» አሉኝ። አቀባይ ማለት ሁለተኛዋን ኳስ የምትነካው ናት። አንዷ ከተጋጣሚ የመጣውን ኳስ ትቀበላለች፣ አቀባይዋ ከመረቡ በላይ ታመቻቻለች፣ መቺዋ ዘላ ትመታለች። የሚጨበጨበው ለሦስተኛዋ ነው። እኔ ይህን ነገር ወደድሁት። አሁን ሳስበው ሰው ደስ ሲለው ማየት እወዳለሁና ከዚያ የመጣ ይመስለኛል።

በአሥራ ስምንት ዓመቴ በከተማችን አንድ የዱቄት ፋብሪካ የሴቶች ቡድን አቋቋመና ገባሁ። ሰው «የዱቄት ልጆች» ይለን ነበር። ከመጋዘኑ በር ላይ ደመወዝ ስንቀበል ፀጉራችን ላይ እየተበነነ ስለሚያርፍ በእውነትም ዱቄት ዱቄት እንል ነበር። ደመወዙ ለቤት ኪራይና ለምግብ ይበቃል፤ ከዚያ በላይ አላስብም ነበር። የምንለማመደው አዘዞ፣ ጠጠር በበዛበት የአፈር ሜዳ ላይ ነው። ሊናን ያገኘናትም እዚያ ነው።

ስሟ ሊን ነው። ቻይናዊት ናት። የአዘዞ ሰው ግን ሊና ብሎ አስቀረው። በዚያ ጊዜ መንገድ ይሠራ ከነበረ ድርጅት ጋር መጥታ የዕቃ ግምጃ ቤት ኃላፊ ነበረች። ግቢያቸው ከሜዳችን ጋር በቆርቆሮ አጥር ይዋሰናል። ሁለት ቀን በአጥሩ ቀዳዳ ስታየን ቆየች። በሦስተኛው ቀን በበሩ ዞራ ገባችና በቀጥታ ወደ እኔ መጣች። «ና፤ እጅ ስጥ» አለችኝ። እጄን ገልብጣ ጥፍሬን አየች፤ ከኪሷ ጥፍር መቁረጫ አወጣችና እዚያው ቆማ አሥሩንም ቆረጠችልኝ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ከሥራ ሰዓቷ ውጭ ታሰለጥነን ጀመር።

አማርኛ የተማረችው አካፋና ሲሚንቶ ሊወስዱ ግምጃ ቤቷ ከሚመጡ የቀን ሠራተኞችና ሹፌሮች ነው። ስለዚህ እኛንም እንደ ወንድ ነበር የምታዘን። «ትርንጎ፣ ዝለል። ስንዱ፣ ሩጥ።» ብርቄ የምትባል ቀልደኛ ጓደኛ ነበረችን፤ ድምጿን አጎርንና «እሺ ጌታዬ» ትላታለች። ሊና የሚያስቀን ነገር እስከ መጨረሻው አልገባትም፤ ወይም ገብቷት እንዳልገባት ሆነች። የምታመሰግነው በአንድ ቃል ብቻ ነው። ደስ ያላት ቀን «ሸጋ» ትላለች። በወር ሁለቴ ከሰማናት ብዙ ነው።

ስለ ራሷ የነገረችን ጥቂት ነው። በሀገሯ ለክፍለ ሀገሯ ቡድን አሥራ ሁለት ዓመት በአቀባይነት ተጫውታለች። ለብሔራዊ ቡድን ሁለት ጊዜ ተጠርታ ሁለቴም ከመጨረሻው ስም ዝርዝር ወጥታለች። ከዚያ ጉልበቷ ተጎዳና ተወችው፤ የሂሳብ ሥራ ተምራ ከመንገድ ሠሪዎች ጋር ሀገር ለሀገር መዞር ጀመረች። ይህን ስትነግረን ድምጿ አልተለወጠም፤ የሚስማር ቁጥር የምትነግረን ነበር የሚመስለው።

ልማዶቿን ልጻፍ፤ ከጨዋታው ይልቅ አብረውኝ የቀሩት እነሱ ናቸውና። ከሁላችን ቀድማ ሜዳ ትደርሳለች። ጎንበስ ብላ ጠጠር እየለቀመች በባልዲ ትሞላለች። እኛ ስንደርስ ባልዲውን አንስታ ታሳየናለች እንጂ ምንም አትልም፤ ከሳምንት በኋላ ሁላችንም ቀድመን እየመጣን መልቀም ጀመርን። ከግምጃ ቤቷ የከባድ መኪና አሮጌ ጎማ አምጥታ በባሕር ዛፍ ግንድ ላይ በገመድ አንጠለጠለችልኝ። በቀን ሦስት መቶ ኳስ በጎማው ቀዳዳ ውስጥ ማሳለፍ ነበረብኝ። ነፋስ ሲመጣ ጎማው ይወዛወዛል። ብርቄ ልትይዝልኝ ስትሞክር ሊና ከለከለቻት፤ መቺያችን ትርንጎም ሜዳ ላይ ቆማ እንደማትጠብቀኝ በዚያው በወንድ አማርኛዋ ነገረችኝ። እየቆጠረች በትንሽ ደብተር ትጽፋለች። አምስት ጭረት ያላት የሀገሯ ፊደል አለች፤ ለያንዳንዱ ኳስ አንድ ጭረት ትስላለች፤ ፊደሏ ስትሞላ አምስት ሆነ ማለት ነው። ኳሱ ሲስትብኝ እጄን አታይም፤ የምታየው እግሬን ነው። «እግር ዘገየ። እጅ ምን ያድርግ?» ትለኛለች።

አንድ ሕግ ደግሞ ነበራት። አቀባይ ኳስ ሲበላሽባት ወዲያው ቀኝ እጇን ከራሷ በላይ ማንሳት አለባት። ኳስ ዝቅ ብላ ወይም ርቃ ከሄደች መቺዋ መረብ ላይ ትመታለች፣ ወይም ታወጣለች። ሰው የሚያየው የመጨረሻዋን ስለሆነ የሚሰድበው መቺዋን ነው። ስለዚህ ጥፋቱ የማን እንደሆነ ሜዳው ሁሉ ይወቅ ትላለች። ሌሎች ቡድኖች ይስቁብን ነበር፤ ዳኛ የምንጠራ የመሰላቸውም ነበሩ። እኔ ግን እጄን ባነሳሁ ቁጥር ትርንጎ ከመረቡ ሥር ቀና ብላ ታየኝና ፈገግ ትል ነበር።

ትርንጎ ከትክል ድንጋይ አካባቢ፣ ከገጠር ነው የመጣችው። ዘጠነኛ ክፍል ልትማር ከተማ ገብታ በከፍታ ዝላይ ስትወዳደር ሊና አየቻትና አመጣቻት። ስትዘል ክርኗ ከመረቡ በላይ ይታያል። ወደ ኳስ ስትመጣ ሦስት እርምጃ ትወስዳለች፤ አንዱ ረጅም፣ ሁለቱ ፈጣን። እኔ ዞሬ አላያትም፤ የጫማዋን ድምፅ ነው የምሰማው። ሁለተኛውን እርምጃ ስሰማ ኳሷ ከጣቴ መውጣት አለባት። ይህን ለማግኘት አንድ ዓመት ፈጀብን። ካገኘነው በኋላ ግን ዓይኔን ጨፍኜም የማቀብላት ይመስለኝ ነበር። አዘዞ አንድ ክፍል ተከራይተን አብረን እንኖር ነበር። ማታ ማታ የአልጀብራ ሂሳብ ታሠራኝ ነበር፤ በክፍል ከኔ ብታንስም በሂሳብ ትበልጠኝ ነበርና።

አባቷ አያ ፈንታሁን ዓመት ሲሆን ሊያዩዋት መጡ። ቀጭን፣ ዝምተኛ ገበሬ ናቸው። ልምምዳችንን ቆመው አዩ። ሊና አጠገባቸው መጥታ «ልጅህ ሸጋ ነው» ስትላቸው የትኛውን ወንድ ልጃቸውን እንደምትል ግራ ገብቷቸው ዞር ዞር አሉ። ሲሄዱ እኔን ለብቻዬ ጠሩኝ፤ ካፒቴን መሆኔን ነግረዋቸዋል።

«ልጄ፣ ኳሱ እስካለ ካንቺ ጋር ትሁን። ትማር፣ ደመወዟን ትብላ» አሉኝ። «ኳሱ ካለቀ ግን ምነው ከተማ ትቀመጣለች? ልድራት ቃል የሰጠሁት ሰው አለ። እስከዚያው አደራ ብያለሁ።»

እሺ አልኋቸው። ከዚያን ቀን ጀምሮ አደራውን አንድም ቀን አልረሳሁትም።

በሦስተኛው ዓመት የፋብሪካው ሥራ አስኪያጅ ሰብስበው አነጋገሩን። ክፉ ሰው አልነበሩም፤ ሲናገሩ ዓይናችንን ማየት አቅቷቸው ጆንያዎቹን ያዩ ነበር። ወደ ከፍተኛው ሊግ ካደግን ፋብሪካው ቡድኑን ይይዛል፤ ካላደግን ዓመቱ ሲያልቅ ይፈርሳል። የሚያልፈው አንድ ቡድን ነው፤ የመጨረሻው ጨዋታ እዚሁ በከተማችን ይደረጋል። ለኔ ግን ነገሩ የሊግ ጉዳይ አልነበረም። ካሸነፍን ትርንጎ ትቀራለች፣ አሥራ ሁለተኛን ትጨርሳለች። ከተሸነፍን አያ ፈንታሁን መጥተው ይወስዷታል። ይህን እሷም ታውቃለች፤ አንድም ቀን ግን አላነሳነውም።

ጨዋታው የዋለው ሁዳዴ ውስጥ፣ ዓርብ ቀን ነው። ሁላችንም ጿሚዎች ነን። የንስሐ አባታችን ሥራችሁ ጉልበት ነው ብለው የጾም ምግብ ከጠዋት ጀምሮ እንድንበላ ፈቅደውልን ነበር፤ ሊናም ይህን ስለምታውቅ ከዳቦና ከሙዝ ሌላ አታመጣብንም። ሐሙስ ከልምምድ በኋላ ቧንቧው ጋ እግራችንን ስንታጠብ ግን ፍርሃት ያዘኝ። ሦስት መቶውን ኳስ ጨርሻለሁ፤ የተጋጣሚያችንን ጨዋታ አጥንቻለሁ፤ ያልሠራሁት ምን ቀረ እያልሁ ሳስብ ነው ሐሳቡ የመጣልኝ። ከአፌ ወጣ።

«ነገ እስከ ዘጠኝ ሰዓት እንጹም» አልሁ። «እህልም ውኃም አይግባብን። ለቡድናችን ስለት ይሁን።»

ብርቄ ጨዋታው በስድስት ሰዓት መሆኑን አስታወሰችኝ፤ ሊና ብትሰማ እንደምትገድለን ነገረችኝ። አትሰማም አልኋት። ቋሚ ተሰላፊዎቹ ከኋላ ተከላካይዋ ጋር ሰባት ነበርን። አንድ በአንድ እሺ አሉ። ትርንጎ ውኃውን እያየች የመጨረሻዋ ሆና እሺ አለች። በሥራዬ ዘመን ሁሉ ሰው አስቀይሜ አላውቅም ብዬ እኮራ ነበር፤ ሰው ለማስደሰት ካደረግሁት ሁሉ ግን ይህን የሚያህል ጥፋት የለም።

በማግስቱ ሦስት ሰዓት ተኩል ላይ ሊና ዳቦና ሙዝ በካርቶን ይዛ መጣች። እያንዳንዳችንን «ብላ» እያለች አደለችን። እኔ የኔን ሸሚዝ ውስጥ ጠቅልዬ ቦርሳዬ ውስጥ አስገባሁና መታወቂያችንን ለማስመዝገብ ሴቶቹን ይዤ ሄድሁ።

የመጀመሪያዎቹን ሁለት ዙሮች አሸነፍን። ያኔ ስለቱ የሠመረ መሰለኝ። በሦስተኛው ዙር ፀሐይዋ ከረረች። በእረፍት ሰዓት ሌሎቹ ውኃ ሲጠጡ እኛ ተጉመጥምጠን እንተፋለን። የብርቄ ባት ተኮማተረ፤ ሁለት ጊዜ ተጎትታ ተነሳች። ሦስተኛውን ተሸነፍን፤ አራተኛውንም። የኔ ጣቶች ይንቀጠቀጡ ጀመር። የአቀባይ ጣት ሲንቀጠቀጥ ኳስ ስትወጣ ትሽከረከራለች፤ የተሽከረከረች ኳስ ደግሞ የት እንደምትወርድ አይታወቅም። ከጣቴ በፊት የደከመው እግሬ ነበር። ኳሷ ሥር ደረስሁ ስል ኳሷ ቀድማኝ ትወርዳለች። ከሁላችን መካከል እንደ መጀመሪያው የምትዘለው ትርንጎ ብቻ ናት። ጉልበቱን ከየት አመጣችው እያልሁ እደነቅ ነበር።

አምስተኛው ዙር አሥራ ሦስት ለአሥራ አራት ደረሰ። እነሱ አንድ ነጥብ ነው የቀራቸው። ብርቄ በአንድ እግሯ ቆማ ኳሱን ተቀበለችና ወደ እኔ አነሳችው። የትርንጎን እርምጃ ሰማሁ፤ አንድ ረጅም፣ ሁለት ፈጣን። ሁለተኛውን ስሰማ ኳሷ ገና እጄ ላይ ነበረች። እግሬ አልደረሰም። ከመረቡ በላይ ሁለት ክንድ መውጣት የነበረባት ኳስ አንድ ክንድ እንኳ አልሞላችም። ትርንጎ አየር ላይ ሆና ትጠብቃት ነበር፤ ወደ ታች ጎንበስ ብላ እንደምንም መታቻት። ከኋላው መስመር አንድ ጫማ ያህል አልፋ ወደቀች።

ፊሽካ ተነፋ። ከተመልካች አንድ ሰውዬ «ያቺ ረጅሟ ጣለችን» ሲል ሰማሁት። ሌሎችም ደገሙት። ትርንጎ መረቡ ሥር ተንበርክካ ቀና አላለችም። ማድረግ የነበረብኝ አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ቀኝ እጄን ማንሳት። ሦስት ዓመት ሙሉ ሳላስበው ሳነሳው የኖርሁት እጅ ያን ቀን አልተነሳም። ክብደቱን እስከ ዛሬ አስታውሰዋለሁ።

ሊና መለያዎቻችንን ልትሰበስብ ቦርሳ ስትከፍት ዳቦዎቹ ወጡ። አንዱን፣ ሁለቱን፣ ሦስተኛውን አየች። ለምን እንዳልበላን ጠየቀችኝ። ነገርኋት። ትጮህብኛለች ብዬ ነበር። አግዳሚው ላይ ተቀመጠችና ደብተሯን ጉልበቷ ላይ አደረገች።

«እኔ አልጠየቅሁም» አለች። «በላህ ወይ ብሎ መጠየቅ የኔ ሥራ ነው። ብላ አልሁና ሄድሁ።»

መንገዱ በዚያው ዓመት አለቀና ከድርጅቱ ጋር ሄደች። ስትሄድ ጥፍር መቁረጫዋን ለኔ፣ ባልዲውን ለብርቄ ሰጠች። ለትርንጎ የምትሰጣት አልነበረም፤ ትርንጎ ቀድማ ሄዳ ነበር።

አያ ፈንታሁን ሊወስዷት የመጡት ቡድኑ እንደፈረሰ ነው። ሻንጣዋን ይዤ እስከ መናኸሪያ ሸኘኋቸው። መንገዱን ሁሉ ኳሷ ዝቅ ብላ ነበር ልላት አስቤ አልቻልሁም። እሷም መሬት መሬት ታይ ነበር እንጂ ዓይኔን አላየችም። አባቷ እንባዬን አይተው ግራ ገባቸው። «አደራሽን ተወጥተሻል፤ ምነው ታለቅሻለሽ?» አሉኝ።

ከዚያ በኋላ ያለው የሥራ ዘመኔ ረጅም ነው፤ በመጀመሪያው ጽሑፌ ብዙ ገጽ ሰጥቼው ነበር። አዲስ አበባ ሄጄ በሁለት ክለቦች ተጫወትሁ። የመጀመሪያው አሰልጣኜ ከውትድርና የወጡ ሰው ናቸው፤ በፊሽካ ያስነሱናል፣ በፊሽካ ያበሉናል። ፊሽካው የጠፋባቸው ቀን ልምምድ አልነበረም። በሁለተኛው ክለብ የነበሩት ኃላፊ ደግሞ የወንዶችና የሴቶች መረብ ከፍታ እንደሚለያይ አያውቁም ነበር፤ አዲስ የተተከለውን መረብ ማንም ሳይለካው አንድ ወቅት ሙሉ በወንዶች ከፍታ ተለማመድን። ውድድር ሜዳ ደርሰን መረቡን ዝቅ ብሎ ስናየው መቺዎቻችን እንደ ልጅ ሳቁ። ሦስት ጊዜ ዋንጫ አንስቻለሁ። ከሁሉም የሚናፍቀኝ ግን የአዘዞው ጎማ ነው። ብዙ ጎበዝ መቺዎች አጋጥመውኛል፤ ድምፃቸውን ሰምቼ የማቀብላቸው ግን አላገኘሁም። ሁሉንም ዞር ብዬ እያየሁ ነው ያቀበልሁት።

በመጨረሻ የቀኝ እጄ ቀለበት ጣት አልታጠፍ አለ። ሐኪሙ ለእስክሪብቶ ይበቃል አለኝ። ከኔ በኋላ ለመጣችው አቀባይ ጥፍሯን ቆርጬላት፣ እጅ የማንሳቱን ሕግ ነግሬያት ወጣሁ። ስነግራት ግን የማላደርገውን የምሰብክ መሰለኝ። ጎንደር ተመልሼ ዩኒቨርሲቲ አመለከትሁ።

መምህርታችን ያንን ጥያቄ ባይጽፉ ትክል ድንጋይ አልሄድም ነበር። ከከተማው በሚኒባስ ሩቅ አይደለም፤ አሥራ ሦስት ዓመት ያልሄድሁት ስለራቀ አይደለም። ቅዳሜ፣ በገበያ ቀን ሄድሁ። የመጀመሪያዋን ሴት ስጠይቅ «ረጅሟን ትርንጎ ነው?» ብላ በእጇ አመለከተችኝ። ድንች በጅምላ ታከፋፍላለች። ሁለት ሠራተኛ ጆንያ ሲያወርዱ ቆማ ታዛለች። ከሩቅ አየችኝና ወገቧን ይዛ ቆመች።

«ካፒቴን» አለችኝ ስደርስ። «ሸብተሻል።»

ተሳሳምን። ባሏ ከመጋዘኑ ወጥተው አንገታቸውን ዝቅ አድርገው ሰላም አሉኝና ሥራውን ተረከቧት። ደግ ሰው ናቸው፤ ይህን የምጽፈው ራሴን ለማጽናናት አይደለም፤ ቀኑን ሙሉ አይቻቸዋለሁ። ሦስት ልጆች አሏቸው። አያ ፈንታሁን ከሦስት ዓመት በፊት አርፈዋል። ትምህርቷ ግን አሥረኛ ክፍል ላይ ቆሞ ቀርቷል። የመጽሐፍ ሂሳብ ይናፍቃት እንደሆነ ጠየቅኋት። ድንች ሂሳብ አያስረሳም ብላ ሳቀች።

ከመጋዘኑ ጀርባ ጥላ ሥር ተቀምጠን ነበር። ብዙ ከተናገርሁ እንደማልጨርስ ስለማውቅ አጭር አደረግሁት። ያቺ የመጨረሻዋ ኳስ ከጣቴ ስትወጣ ዝቅ ብላ እንደነበር፣ እግሬ ስለዘገየ እንደሆነ፣ እግሬ የዘገየውም በባዶ ሆድ ስላጫወትኋቸው እንደሆነ፣ እጄን ማንሳት ሲገባኝ እንዳላነሳሁ ነገርኋት። ከከተማ የወጣችው በኔ ምክንያት እንደሆነ ነገርኋት።

የምትሰማኝ አልመሰለኝም። ከጆንያው የወጣ ክር በጣቷ ትጠቀልላለች።

«እኔ በልቼ ነበር» አለች።

ምን እንዳለች አልገባኝም።

«ዳቦውን። እናንተ መታወቂያ ልታስመዘግቡ ስትሄዱ ጫማዬን ላስር ቀረሁ። ሊና ፊቴ ቆመች። ‹ከስተሃል፣ ብላ› አለችኝ። እያየችኝ እምቢ ማለት አፈርሁ። ሙዙንም ዳቦውንም በላሁ፤ ውኃም ጠጣሁ።» ክሩን በጠሰችው። «አንቺ ቧንቧው ጋ ምን እንዳልሽ ረሳሽው? አንዲት እንኳ ብታጎድል ስለቱ አይያዝልንም አልሽ። እኔ ነኝ ያጎደልሁት። ኳሷ ስትወጣ ምነው ወጣች አላልሁም፤ አወቅሁት።»

ይህን መናገሬን አላስታውስም። እስከ አሁን ድረስ ልቤን ብፈትሽ አላገኘውም። ግን እኔ ያልሁት ቃል እንደሆነ ወዲያው አመንሁ፤ የኔን ቃል ይመስላልና።

ለንስሐ አባቷ ነግራቸው እንደነበር ነገረችኝ። እሳቸው በሦስት ቀን ስግደት ፈትተዋት ነበር። እሷ ግን አልበቃ ብሏት ሁዳዴ በገባ ቁጥር ከሌላው ሰው በላይ ትጾማለች፣ ዓርብ ዓርብ መቶ ስግደት ትጨምራለች፤ ነፍሰ ጡር ሆና እንኳ አልተወችውም። ባሏ ለምን እንደሆነ ቢጠይቋትም አልነገረቻቸውም። ትምህርቷን፣ የኛን ቡድን፣ የብርቄን እንጀራ ሁሉ በአንድ ዳቦ የበላች ይመስላት ነበር።

«ትርንጎ» አልኋት፣ «ከሰባታችን በአምስተኛው ዙር የምትዘዪው አንቺ ብቻ ነበርሽ። ለምን ይመስልሻል?»

ቀና ብላ አየችኝ። መጋዘኑ ውስጥ ባሏ ቁጥር እየጠሩ ጆንያ ያስቆጥራሉ። ከንፈሯን ስታንቀሳቅስ አየኋት፤ እሷም አብራ የምትቆጥር መስሎኝ ነበር። ከዚያ ፊቷን በነጠላዋ ሸፈነች፤ ትከሻዋ ተንቀጠቀጠ፤ እያለቀሰች ይሁን እየሳቀች እስክትገልጠው ድረስ አላወቅሁም። ሁለቱንም ነበር።

«ኳሷ ዝቅ ማለቷንማ አይቻለሁ» አለች ዓይኗን እየጠረገች። «ቢሆንም መምታት ነበረብኝ። ስንት ዝቅ ያለች ኳስሽን መትቻለሁ።»

በዚህ ላይ ተከራከርን። የእርምጃዋን ብዛት፣ የመረቡን ከፍታ፣ የነፋሱን አቅጣጫ እያነሳን እስከ መጨረሻው ሚኒባስ ድረስ ተከራከርን። አልተግባባንም። አሥራ ሦስት ዓመት ሙሉ እንደዚያ ያለ ጥሩ ከሰዓት አላሳለፍሁም።

ባለፈው ሳምንት ደወለችልኝ። የድንች ዋጋ ነገረችኝ፤ ስለ ፈተናዬ ጠየቀችኝ። ሁዳዴ ሊገባ ሁለት ሳምንት ቀርቶታል። ልትዘጋ ስትል፣ ዘንድሮ መቶውን ስግደት እንደተወችው ነገረችኝ።

«ሰው የሚጾመውን ያህል እጾማለሁ» አለች። «ከዚያ በላይ የለብኝም።»